ሁለተኛዋ ልጄ አትመጣም

ለምወድዎና ለማከብርዎ አባቴ፤

እንዴት ከርመዋል? ጉልበትዎ እንዴት አደረገዎት? ደረጃ ሲወጡ ያሰማ የነበረው ድምፅ ተሻለው ወይስ አሁንም ከእርስዎ ቀድሞ ሰላምታ ይሰጣል? የእማዬስ ዓይን እንዴት ነው? መጋዙም፣ መዶሻውም፣ ሙጫውም ሁሉ ደኅና ነው? እኛ ሁላችንም ደኅና ነን። ባለቤቴ አውቶቡሱን እየነዳ፣ እኔ ገና አራስ ሆኜ፣ ትልቁ ልጄ ቤቱን እያተረማመሰ፣ ትንሿም እየጠባችና እየተኛች አለን። ናፍቆትዎን ግን አልቻልኩትም።

ደብዳቤ የምጽፈው ስልክ ጠፍቶ አይደለም። በስልክ ከሆነ ገና አፌን ስከፍት ንግግሬን እርስዎ ይጨርሱልኛል። ወረቀት ግን አይቋረጥም፤ ቢቆጡም እስከ መጨረሻው ማንበብዎ አይቀርም።

በእማዬ በኩል የላኩት መልእክት ደርሶኛል። ሁለተኛዋ ልጄ አንገቷ ሲጠና ወደ እናንተ ትምጣ፣ ልጅ ያልወለደችው አክስቴ ታሳድጋት፣ እዚያ የመጀመሪያ ልጅ ስለምትሆን ከሁለተኛ ልጅ አምሳያ ታመልጣለች ብለዋል። እማዬ ይህን ስትነግረኝ፣ ያው የአባትሽን ነገር ታውቂው የለ አለችኝ። አዎ፣ አውቀዋለሁ። ስለዚህ መልሴን አስቀድሜ ልንገርዎ፦ ልጄን አልሰጥም። ዛሬም አልሰጥም፣ አንገቷ ሲጠናም አልሰጥም፣ ጥርስ አውጥታ ብትነክሰኝም አልሰጥም።

ትምህርትዎን የናቅሁ እንዳይመስልዎት። በልጅነቴ ከሥራ ሲመለሱ አንድ ቅጠል በጥሰው ወደ ብርሃን አንስተው ያሳዩኝ ነበር። ጅማቱ ዛፉን ይመስላል፣ ዛፉ ወንዙን ከነገባሮቹ ይመስላል፣ ወንዙም በመዳፍሽ ላይ አለ ይሉኝ ነበር። ዓለም ያለው አንድ ሥዕል ብቻ ነው፣ እሱኑ እያሳነሰና እያተለቀ ይደጋግመዋል፣ ትንሹና ትልቁ አንዱ የሌላው አምሳያ ነው አሉኝ። ጎረቤቱ ሁሉ አምሳያ የሚል ስም አውጥቶልዎ ሲስቅብዎት እኔ ግን አምኜ ነበር። አሁንም ሲመሽ፣ ከአራተኛ ፎቅ ሆኜ መንገዶቹ ሲበሩ ሳይ ያንን ቅጠል አየዋለሁ። ደስም ይለኛል።

የተጣላነው ቅጠሉን ትተው ወደ እኛ የመጡ ጊዜ ነው። ከአያቴ ወንድሞች ሁለተኛው ከቤት ወጥቶ ቀረ። የእርስዎ ታናሽ፣ ሁለተኛው አጎቴም፣ ወጥቶ ቀረ። ሁለተኛ ልጅ ከግንዱ የሚርቅ ቅርንጫፍ ነው፣ ይሄዳል፣ ይደርቃል ብለው ደመደሙ። እኔ ደግሞ ሁለተኛ ሆኜ ተወለድኩልዎት፤ ይኸው ሄድኩ። ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ ያስፈልጋል እንደሚሉ አውቃለሁ።

እንግዲህ ስለ ሥራዬ ይስሙኝ። በልብስ ፋብሪካው ውስጥ ሥራዬ ከአንድ ቅድ፣ ከአንድ የልብስ ንድፍ፣ ተነስቼ ትንሹንም ትልቁንም ልክ በካርቶን ማውጣት ነው። በገባሁ ሰሞን የሕፃን ካፖርት ሰጡኝና ለአዋቂ እንዳሳድገው ታዘዝኩ። የእርስዎ ተማሪ ሆኜ ምን ያስጨንቀኛል! አንገቱንም፣ እጅጌውንም፣ ወገቡንም እኩል አባዝቼ በኩራት አስረከብኩ። ካፖርቱ ተሰፍቶ ሲመጣ አንገቱ ሁለት ራስ ያስገባል፤ እጅጌው ደግሞ ክርን ላይ ቀርቷል። መርፌ የምንላት አለቃዬ ራሷ ለብሳው በየክፍሉ እየዞረች አሳየች፤ ሰው ሁሉ ሆዱን ይዞ ሳቀ። ኋላ ግን አጠገቤ ቁጭ ብላ፣ አዋቂ የተነፋ ሕፃን አይደለም፣ እግር ሲረዝም ራስ ብዙም አያድግም፣ በየልኩ እያቆምሽ ገላውን ጠይቂ አለችኝ።

ከዚያ ወዲህ አንድ ነገር አልለቀቀኝም። ቅጠሉን ማን እንደሚስለው አላውቅም፤ እሱን ለእርስዎ ትቻለሁ። ሰው ላይ ግን ቅድ ራሱን አያሳድግም። ትልቁ ትንሹን እንዲመስል የሚያደርገው እርሳስ የያዘ ሰው ነው። በእኛ ቤት ደግሞ እርሳሱን ይዘው የነበሩት እርስዎ ነዎት፣ አባባ።

ለወንድሜ አልጋ ሲሠሩለት ከወፍራም እንጨት ነበር፤ ከግድግዳው ጋር በብሎን አጣበቁት። ለታናሽ እህቴም እንደዚሁ። ለእኔ ታጣፊ አልጋ ገዙልኝ። አናጢ አባት እያለኝ የገበያ አልጋ! ለምን ብዬ ስጠይቅ አንቺ መሄድሽ አይቀርም አሉኝ፤ በቁጣም አልነበረም፣ እያዘኑ ነው። ገና ፊደል እንኳ አልለየሁም ነበር። ሳኮርፍም፣ ሲያመኝም፣ በር ላይ ስቆምም ሊሸኝ እንደተነሳ ሰው ያዩኝ ነበር። ያኔ አልገባኝም፤ አሁን ግን ገብቶኛል፣ ተናድጃለሁም። አጎቴንም አያቴ እንዲሁ ሲያዩት ኖረው ይሆናል። የሄድኩት ሁለተኛ ስለሆንኩ አይደለም። እቆያለሁ ብሎ የሚጠብቀኝ ሰው ስላጣሁ ነው። ደግሞም አልደረቅኩም፤ እጄ ሥራ ያውቃል፣ ቤቴ ሞልቷል፣ ጡቴም ወተት አለው።

ስለዚህ ልጄ የትም አትሄድም፤ የሚመጡት እርስዎ ነዎት። መጋዝዎንና መላጊያዎን ይዘው ይምጡ፤ ያንን የሚሸኝ ዓይንዎን ግን እዚያው ይተዉት። ጥሩ እንጨት ገዝቼ ኮሪደሩ ላይ አቁሜያለሁ፤ ባለቤቴ ባለፈ ቁጥር ክርኑን እየመታው ይራገማል። አልጋዋን እዚሁ ክፍል ውስጥ ይሥሩላት፣ በበሩ እንዳያልፍ አድርገው። ስንተኛ ልጅ እንደሆነች በፊቷ እንዳይቆጥሩ። ካልመጡ እኔው እሠራዋለሁ፤ ይንጋደድ ይሆናል፣ ግን አይታጠፍም።

እማዬን ይሳሙልኝ፤ በእኔና በእርስዎ መካከል መመላለሱ ይብቃሽ ይበሏት። ታላቅ ወንድሜን ከነቤተሰቡ እንዴት ናችሁ ይበሉልኝ። ታናሽ እህቴን ስልክ አንሺ ይበሉልኝ፤ ተኮራርፈን አይደለም፣ ስንፍናዋ ነው። አክስቴን አደራ፣ ጥብቅ አድርገው አቅፈው ይሳሙልኝ። ክፍል እንዳዘጋጀች ሰምቼ ልቤ ተነክቷል፤ ልጅ ግን አላውስም። ከእርስዎ ጋር ትምጣና ያሻትን ያህል ትታቀፋት።

እምቢ ያለችው ሁለተኛ ልጅዎ

ከልብስ ፋብሪካው ማዶ፣ ከአራተኛ ፎቅ
ኅዳር ፲፪ ቀን