ወደ ውጭ የሚከፈተው በር

ዛሬ የካቲት አሥራ አራት ቀን፣ እኔ አናጺው፣ ገላዬ ቢደክምም አእምሮዬ ሳይናወጥ፣ ማንም ሳያስገድደኝ፣ በአራት ምስክሮች ፊት የመጨረሻ ቃሌን እናዘዛለሁ። ጸሐፊው፣ በቀኜ በኩል ተቀመጥልኝ፤ ግራ ጆሮዬ አይሰማም።

መኖሪያ ቤቴን ለአንዲት ልጄ አውርሻለሁ። ቤቱ በር የለውም። በሩ ተነቅሎ ግድግዳውን ተደግፏል። የሰው በር ስገጥም ኖሬ እኔ በመጋረጃ ማደሬን ሰፈሩ ሲስቅበት ሰምቻለሁ፣ በደኅናው ጆሮዬ።

ነገሩ ይታወቅልኝ። ፖሊሶች ሌላ ሰው ፈልገው በስህተት እኔ ቤት መጡ። ያ በር ወደ ውጭ የሚከፈት ነው፤ ነፍሷን ይማርና ሚስቴ ክፍሉ ቢጠባት፣ አልጋ እንዲያስገባ ብላ ያሠራችኝ ነው። አልተቆለፈም ነበር። «ጎትቱት! ጎትቱት!» እያልኩ ብጮህ በእርግጫ ገነጠሉት። አንደኛው «ደግሞ እኛን ታዛለህ?» ብሎ በጥፊ አጮለኝ። ጆሮዬ በዚያው ቀረ።

አለቃቸው የብረት በር ላስገጥምልህ ብሎ መጣ፤ መለስኩት። ለፍርድ ቤት ያመለከትኩት መሥሪያ ቤቱ ያንን ፖሊስ በዲሲፕሊን እንዲቀጣው ይታዘዝልኝ ብዬ ነው። ጠበቃዬ «ዳኛው መጥተው እስኪያዩት በሩን እንዳትነካው» አለኝ፤ አልነካሁትም። ዳኛው ተዛወሩ፣ ቀጠሮ በቀጠሮ ላይ ተደረበ፣ እኔም አረጀሁ።

መጋረጃ አይንኳኳም። «ቤቶች!» ብሎ የሚጣራም በግራዬ በኩል ከሆነ አልሰማውም፤ የለም ብሎ ይመለሳል። ልጄ «አባዬ፣ ወይ በሩን ግጠመው ወይ እኔን እርሳኝ» ብላ ከሄደች ወዲህ፣ ነፋስ መጋረጃውን ባነሳው ቁጥር እሷ እየመሰለችኝ ብድግ እላለሁ። ብቻዬን መሆን ይህን ያህል ይከብደኛል ብዬ አላሰብኩም ነበር።

ወንድሜ «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ይለኛል። እኔ ንጉሥ አልከሰስኩም፤ የሚጎተተውን የሚገፋ አንድ ሰው ነው የከሰስኩት። ወንድሜ ያን ዕለት አጠገቤ ተቀምጦ ነበር፤ ምስክር ሁነኝ ስለው «አላየሁም» አለ። ሬዲዮኑን ይውሰድ፤ ሁለት ጆሮ ያለው እሱ ነው።

መጋዝና መላጊያዬን ለሥራ ባልደረባዬ፣ ስለ ችኮላው ጥድፊያ ለምንለው፣ ሰጥቻለሁ። እንጨት ጨምቆ የሚይዘውን ሞርሳዬንም ይውሰድ፤ ኮላ እስኪደርቅ መታገሥ ይማርበታል።

ክሱንም ለልጄ አውርሻለሁ። ልጄ፣ ቂም አላወርስሽም፤ የመታኝን ሰው ይቅር ብዬዋለሁ። ይቅር አልኩ ማለት ግን አልተመታሁም ማለት አይደለም። ስሜ ሲጠራ «የለም» ተብሎ መዝገቡ እንዳይዘጋ፣ ተነሥተሽ «አለሁ» በይልኝ። ካልሆነልሽም አልረግምሽም፤ ቤቱ ያንቺው ነው። ምስክሬ ልብስ ሰፊዋ፣ አታልቅሺ፤ ገና አልጨረስኩም።

ፍርዱ ለእኔም ይሁን በእኔ ላይ፣ በተሰጠ ዕለት ጥድፊያ በሩን ይግጠመው፤ እንደ ጥንቱ ወደ ውጭ ይከፈት። ከዚያ ልጄ፣ ደጅ ቆመሽ አንኳኪው። ስትቀብሩኝ በግራ ጎኔ አስተኙኝ፤ ደኅናው ጆሮዬ ወደ ላይ ይሁን።

ይህ ቃል ለተናዛዡና ለእኛ ጮክ ተብሎ ተነብቦ፣ «አዎን፣ የእኔው ነው» ብለው ከፈረሙ በኋላ እኛም ፈርመናል።

ልብስ ሰፊዋ ጎረቤት
የታክሲው ሾፌር
ጡረተኛዋ ነርስ
ጸሐፊው፣ በቀኛቸው ተቀምጦ የጻፈው