ድንጋዩን ያልለቀቀው ሆደ ቀይ

ለምወድሽ እህቴ ለዲሳ፣

እንደምን ከርመሻል እታለም? ባልሽ ኮሊን፣ ልጆቹስ ደህና ናቸው? ያ ሳልሽ ለቀቀሽ ወይስ አሁንም ከእንቅልፍሽ ይቀሰቅስሻል? እዚያ ኒውዚላንድ ብርዱ እየገባባችሁ ነው መሰለኝ፤ እባክሽ ደረብ አድርጊ። እኛ ደህና ነን። አባባም ከጉልበታቸው በቀር ምንም አልሆኑ።

ዛሬ የምጽፍልሽ የእሳቸውን ጉድ ነው። በሚያዝያ መጨረሻ ባሕሩ ከወትሮው አብልጦ ሸሽቶ ነበር። አባባ "የዘንድሮን ሆደ ቀይ ዓሣ ሳልቀምስ ልሞት ነው እንዴ? ተነሺ!" ብለው ባለመንጠቆ ዘንጋቸውን አነሡ፤ ተከትያቸው ወደ አለቶቹ ወረድኩ።

ከመጨረሻው አለት ሥር አንዱን ዓሣ አገኘነው። ውኃው ጥሎት ሄዷል፤ ጀርባው አየር ላይ ነው። ሴቷ እንደ ልማዷ ዕንቁላሏን ትታለት ወደ ጥልቁ ተመልሳለች፤ እሱ ሆዱ ላይ ባለው መምጠጫ ድንጋዩን ሙጭጭ አድርጎ ይዞ፣ በቀረችው እፍኝ ውኃ ዕንቁላሉን ያራግባል። ቁራ ጀርባውን ወግቶት ይደማል። ለቀቅ ቢያደርግ እኮ ባሕሩ ከሥሩ ነው! ንቅንቅ አላለም።

ዘንጉን ሳነሣ አባባ ተቆጡ። "እጅሽን ሰብስቢ! ልጆቹን የሚጠብቀውን አባት?" ስንቱን ቀቅለው እንደበሉ ላስታውሳቸው አልኩና ፊታቸውን አይቼ ተውኩት። እማማ ካረፈች ጀምሮ ሁለታችንን ማን እንዳሳደገን አንቺም ታውቂያለሽ። አባባ የባሕር ሣር ነክረው ዓሣውን አለበሱት። ራቅ ስንል ቁራው ይመለሳል፤ ስለዚህ አጠገቡ ቁጭ አሉ። "አባባ፣ ውኃው እየመጣ ነው፣ እንሂድ" ብላቸው "እኔስ የምጠብቀው እንዲመጣለት አይደል?" አሉኝ።

ውኃው መጣ፤ በኋላችን ዞሮ መጣ። ወገቤ ድረስ ርሻለሁ፤ አባባ መቆም አቅቷቸው ትከሻዬ ላይ ተንጠልጥለዋል። እውነቴን ነው፣ ፈራሁ። ጮኼ ጮኼ ድምፄ ሊዘጋ ሲል ጎረቤታችን ቦጊ በጀልባው ደረሰልን። "አንተ ሽማግሌ፣ ዓሣ ልያዝ ብለህ ወጥተህ ዓሣ ሆነህ ልትቀር ነው?" ሲላቸው፣ ጥርሳቸው እየተንቀጫቀጨ "አፍህን ዘግተህ ቅዘፍ!" አሉት።

በማግሥቱ ቦጊ ከራሱ መረብ የወጣ ሆደ ቀይ አስቀቅሎ አመጣላቸው። ይበሉ ይሆን ብዬ ሰረቅ አድርጌ አየኋቸው። "ይሄኛውን አላውቀውም" አሉና አጥንቱ እስኪቀር ሙልጭ አደረጉት።

ከዚያ ወዲህ ባሕሩ በሸሸ ቁጥር ምርኩዛቸውን ይዘው ያንን የድንጋዩን ዓሣ ሄደው ያዩታል። ከሳ፣ ቀለሙም ደበዘዘ፤ ግን አልሄደም። እንዲህ ያለ ጽናት ሰው ላይ እንኳ ስንቴ አይተናል እታለም?

ለኮሊን ሰላምታዬን አድርሺልኝ፤ ትልቋን ሄዘርን ሳሚልኝ፤ ገና ያላየሁትን ሕፃን ደግሞ ደግመሽ ሳሚልኝ። ቦጊም ሰላም ብሎሻል። አባባ ከኋላዬ ቆመው "ትናንት ድንጋዩ ባዶ ነበር በያት፤ ዕንቁላሉ ተፈልፍሎ ልጆቹ የባሕር ሣሩ ላይ እንደ ምስር ተለጥፈዋል፣ እሱም ወደ ባሕሩ ሄዷል፤ ጻፊላት" እያሉኝ ነው።

ታናሽሽ ስቴይንቮር
ፍላተይ ደሴት፣ አይስላንድ
ሰኔ 14 ቀን 1962