አርባ አንደኛው ፊርማ

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 11
ሁለት ሱሪ አሳጠርኩ፣ አንድ ዚፕ ቀየርኩ። ከሰዓት የእድራችን ሰብሳቢ ቶሌራ ወረቀት እያውለበለበ ልብስ ስፌት ቤቴ መጣ። ጎረቤቴ ለታ ግቢ ውስጥ የሚተከለው የኔትወርክ ታወር በፍርድ ቤት ታግዷል። "የዘጠና ስድስት ሰው ፊርማ ቀልድ መሰላቸው?" ይላል። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ያ ብረት ቢወድቅ የሚያርፈው ልጄ ሴና የምትተኛበት ክፍል ጣሪያ ላይ ነው። ስምንት እርምጃ... ለክቼዋለሁ። ታዲያ ምን ያቁነጠንጠኛል?

ሐሙስ፣ ጥቅምት 13
ለማንም ያልተናገርኩትን እዚህ ልጻፈው። ያ ፊርማ የአቤቱታ አይደለም። የመስከረም የእድር ስብሰባ አቴንዳንስ ነው፤ ሰው የመቅረት ቅጣት ፈርቶ በር ላይ የፈረመው። ስለ ታወሩ ተጯጯህን፣ ዝናብ መጣ፣ ሳንጨርስ ተበተንን። ቶሌራ፣ "ከላይ ባዶ ቦታ አለ አይደል? አቤቱታውን ጻፍበት። ሁሉም ያው ተስማምቷል" አለኝ። ጻፍኩ። ጽሕፈቱ ያምራል ብለው ጸሐፊ ያደረጉኝ እኔ...
ዛሬ ኮፒውን ሳገላብጥ ቁጥር 41፣ ለታ ኮርሳ። ግቢውን ለታወሩ ያከራየው ራሱ ለታ። ሰውየውን በራሱ ላይ ከሳሽ አድርገነዋል። ሳቅሁ። ቀጥሎ ላብ አጠመቀኝ።

ሰኞ፣ ጥቅምት 17
ጣቴን ሁለት ጊዜ በመርፌ ወጋሁ። የሰው ኮት ደም ነካው።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 19
መጥሪያ ደረሰኝ። ፊርማው እንዴት እንደተሰበሰበ ቀርቤ ልመሰክር ነው።
ቶሌራ፦ "ሁሉም አንብቦ ፈረመ በል፣ በቃ።"
"ምዬ?"
"ለሴና ብለህ፣ ወጌ።"
ልጄን ሲያነሳብኝ ተናደድኩ።

ዓርብ፣ ኅዳር 5
ማልኩ። የታወሩ ኩባንያ ነገረፈጅ ገና አፉን ሳይከፍት ተናገርኩ። አቴንዳንስ መሆኑን፣ ከላይ የጻፍኩት እኔ መሆኔን፣ አርባ አንደኛውንም። ዳኛዋ መነጽራቸውን አወለቁ። "በዚህ ሊጠየቁ እንደሚችሉ ያውቃሉ?" "አውቃለሁ፣ ክብርት ዳኛ።" በአሥር ቀን ውስጥ እውነተኛ ፊርማ ካልቀረበ እግዱ ይነሳል አሉ።
ስንመለስ ታክሲ ውስጥ ቶሌራ ከኋላ፣ እኔ ከፊት።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9
በር ለበር። አንብበው እስኪጨርሱ ቆሜ እጠብቃለሁ። ለማይችል አነብለታለሁ። በንቲ፣ "እኔ ኔትወርክ እፈልጋለሁ፣ አልፈርምም" አለ። መብቱ ነው። ሞልቱ በሩን ዘጋብኝ። "በእኔ ስም ፍርድ ቤት ትሄዳለህ?" እውነቱን ነው።
እስካሁን ሃያ ሁለት።

እሑድ፣ ኅዳር 14
ሠላሳ ስምንት። ማስገቢያው ነገ ነው። የቀረኝ አንድ በር፣ የለታ። ለምን ሄድኩ? ያኔ ሳይነገረው ከሳሽ ያደረግነው እሱ ስለሆነ መሰለኝ። ቢያንስ ያንብበው።
እስከ መጨረሻው አነበበ። "እርሻዬ ከተማ ሆነ፣ ወጋየሁ። የቀረኝ ይሄ ግቢ ነው። ልጆቼን በምን ላሳድግ? አልፈርምም" አለ፣ ሳይቆጣ። "ገባኝ" ብዬ ተነሳሁ። የምሬን ነው፣ ገብቶኛል።
ሚስቱ ጤናዬ ከጓዳ ብቅ አለች።
"አምጣው እስቲ።"
"አንቺ ደግሞ ምን ልታደርጊው?" አላት ለታ።
"ሥሩ የምተኛው እኔም ነኝ። ስታከራየው ማን ጠየቀኝ?"
ወረቀቱን ከዓይኗ አርቃ ይዛ፣ እያንዳንዷን ቃል በከንፈሯ እየተከተለች አነበበች። እኔ ኪሴን እየዳበስኩ እስክሪብቶ ስፈልግ፣ ለታ የራሱን ከደረት ኪሱ አውጥቶ ሰጣት።
ሠላሳ ዘጠኝ።