የወንድሜ የክርስትና ስም

አዳማ፣ ቅዳሜ፣ የካቲት 14

ዛሬ የወንድሜ አርባ ነበር። ቄሱ ለፍትሐቱ የክርስትና ስሙን ጠየቁኝ። የምታውቀው እናታችን ብቻ ነበረች፤ እሷም ከሞተች ቆየች። "ልጄ፣ ማን ልበል?" አሉኝ። ሰዉ ሁሉ አየኝ። "ገብረ ማርያም" አልኳቸው፤ ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም።

ከወለንጪቲ የመጡትን ዘመዶች መናኸሪያ ሸኝቼ ስመለስ፣ ባጃጅ ውስጥ ሆኜ፣ የጀመርኩትን የቻይና ልቦለድ ስልኬ ላይ ከፈትኩ። ታሪኩ ውስጥ አማልክት ለሙታን ድግስ ደግሰዋል፤ በረኛው ስም እየጠራ ያስገባል። አንዱ የሙት መንፈስ ስሙን የሚያስታውስለት ስለሌለ ስንት ዘመን ደጅ ቆሟል። ሌላ ጊዜ ቢሆን አለቅስ ነበር። ዛሬ ምንም አልመጣልኝም፤ ማንበቤን ቀጠልኩ።

ወንድሜ ሰልፍ መቆም አይወድም ነበር። ደጁ ላይ ገብረ ማርያም ሲባል፣ ስሙ ባይሆንም ማንም ሳይቀድመው አቤት ብሎ ገብቶ ይሆናል።