የእማማ ሮሻን ኩራዝ

ይድረስ ለልጄ ለኢፋት፣ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ አሜሪካ። አላህ ከክፉ ዓይን ይጋርድሽ፤ በሄድሽበት ሁሉ ደግ ሰው ያገናኝሽ። እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። አባትሽን ጉልበቱ ተሽሎታል፤ ዝናቡ ግን ኮምቦልቻን አልለቀቀም።

እኔ ግን አንቺ ከደወልሽ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም። የምታስታምሚያቸው ህንዳዊት፣ እማማ ሮሻን፣ ሆስፒታል ሲገቡ የጸሎታቸውን ኩራዝ «እስክመለስ እንዳይጠፋ» ብለው አደራ እንደሰጡሽ ስትነግሪኝ፣ ልጄን እሳት አምላኪ አደረጉብኝ ብዬ ጮኽኩ። «አሁኑኑ እፍ በይው!» ያልኩሽ ከድንጋጤ ነው።

በነጋታው ሸህ ተውፊቅ ዘንድ ሮጥኩ። «መጁሶች ናቸው፤ ቁርኣን ውስጥ ስማቸው አለ» አሉኝ። ነቢያቸው ዞሮአስተር፣ መጽሐፋቸው አቬስታ ይባላል አሉ። በእሳት ፊት ቆመው አሁራ ማዝዳ የሚሉትን ጌታቸውን ይለምናሉ እንጂ እሳቱን ጌታ አይሉትም። ካህኖቻቸው እንኳ ትንፋሽ እንዳይነካው አፋቸውን ሸፍነው ነው የሚቀርቡት። እኔ ደግሞ እፍ በይው አልኩሽ! «እምነቱ የእነሱ ነው፤ አደራው ግን የልጅሽ ነው» ብለው ሸኙኝ።

ፊት የፈራሁት እንዳትሰግጂለት ነበር። አሁን የምፈራው እጅሽ ላይ እንዳይጠፋ ነው። መጋረጃውን አርቂለት፤ ዘይቱ ሳያልቅ ጨምሪበት። ጣራው ላይ አለ ያልሽኝ፣ ጭስ ሲሸተው የሚጮኸው ነገርም ያስፈራኛል።

አላህ እሳቸውን በጤና ይመልሳቸው፤ አንቺን ያቆይልኝ። ያን ቀን «እሺ እማ» ብለሽ ስልኩን ዘጋሽ። ደውዬ ለመጠየቅ ፈራሁ። እባክሽ ልጄ፣ ለዛሬ ብቻ «አልሰማሁሽም» በይኝ።

እናትሽ ሙፈሪሓት