ከፊልሙ የተቆረጠው ነስሩ

ሐሙስ
ፈረንጇ ተመልሳ መጣች። ልጄን ነስሩን ሊሙ ገነት ወስዳ፣ ፊልም ስትሠራ ዕቃ ታሸክመው፣ ታስተረጉመው የነበረችው ፖርቱጋላዊት፣ ኢኔስ። ከቀበሌ አንድ ሰው ቤቴን አሳይቷት ሄደ። መሞቱን አልሰማችም። በሩ ላይ ቆማ "አዴ፣ ነስሩስ?" አለችኝ። ግንባር ሄዶ ቀረ አልኳት። ስላልገባት ሞተ አልኩ። ይቺን ቃል እስከ ዛሬ ከአፌ አላወጣኋትም ነበር። ደጃፉ ላይ ቁጭ አለች።
አማርኛ ያስተማራት እሱ ነው። አነጋገሯ ሁሉ የእሱ ነው፤ እናቴ ለማለት አዴ የሚለኝ እሱ ነበር።

ዓርብ
የነስሩ ፎቶ የለኝም። ለመታወቂያ የተነሣትን አንዷን ይዟት ሄደ። ዓይኑን አስታውሳለሁ፤ አፉንም። አንድ ላይ ግን አልገጥም ካለኝ ሰነበተ። ለማንም አልተናገርኩም።
ከጁምዓ በኋላ የሟች ባለቤቴ ታላቅ ወንድም አባ ፊጣ መጡ። ሰዓት ጠጋኝ ናቸው። የፈረንጇ ፊልም ውስጥ ካለ ልየው ነው አልኳቸው።
"ለእሱ የሚደርሰው ዱዓ ነው። ምስል ምን ያደርግለታል?"
"ለእሱ አይደለም፣ ለእኔ ነው።"


ቅዳሜ
ፊልሙ ውስጥ አለ ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ፊቷ ቀላ። የለም አለች። ቡና ለቃሚዎቹ ካሜራውን እንዳያዩ ትነግራቸዋለች፤ እሱ አብሯቸው እየለቀመ በቀረጸችው ቁጥር ዞሮ ይስቃል። የሳቀውን ሁሉ ቆርጣ አወጣችው።
"አዴ፣ ሥራዬን አበላሸህ ብዬ ተቆጥቼው ነበር።"
"እኔም ስቆጣው ይስቅ ነበር" አልኳት።
ሥዕል አስተማሪ ነበረች፤ ትታ ካሜራ ያዘች። አለቃ የላትም። ራሷ ታነሣለች፣ ራሷ ትቆርጣለች። ሦስት ፊልም ሠርታ ሰው ያየላት አንዱን ነው። እናቷ እስኪሞቱ ድረስ "ሥራ የምትይዢው መቼ ነው?" ይሏት እንደነበር ነገረችኝ። ሳቅሁ። ከሐዘኑ ወዲህ የመጀመሪያዬ ነው።
ከወጣች በኋላ ተመለሰች። ለካ ቁርጥራጩን አትጥለውም፤ ወረቀት ላይ እየለጠፈች ሥዕል ትሠራበታለች። ነስሩ ያለበት አንዱ ሥዕል ያረፈችበት ሆቴል አለ።

እሁድ
አመጣችው። የቡና ዛፍ ሥላ በፍሬው ቦታ የፊልም ቁራጭ ለጥፋበታለች። የነስሩ ሦስቱ ናቸው አለች፤ እያንዳንዱ የጥፍሬን ያህላል። ጥቁር ብቻ ታየኝ። ከኋላው ብርሃን ካላገኘ አይታይም።
"ይላጥ" አሉ አብረውን ያዩት አባ ፊጣ።
ሥዕሉ አገሯ ኤግዚቢሽን ላይ ላሳየው ብላ ቃል የገባችበት ነው፤ ሌላ ቅጂ የለውም። ስታየው ቆየችና "እሺ፣ ይላጥ" አለች።

ሰኞ
አባ ፊጣ ሱቅ ሄድን። በወረንጦ ጀመሩ። አንደኛው ተቀደደ። ሁለተኛው ሲላጥ ሙጫው መልኩን ይዞት ቀረ። ወረንጦውን አስቀምጠው ሻይ ጠጡ። ሦስተኛው ወጣ።
የሰዓት መጠገኛ ማጉያቸውን ዓይናቸው ላይ ሰክተው ቁራጩን ወደ መስኮቱ ያዙት። "ወላሂ እሱ ነው!" ማጉያውን አልሰጥ አሉኝ።
"ያምጡት እንጂ! የወለድኩት እኔ ነኝ!"
አየሁት። ቅርጫት ታቅፏል፤ ጥርሱ ሁሉ ይታያል። ቀጥ ብሎ ያየኛል።
ኢኔስ ያቺን ቁራጭ ሰጠችኝ። የቀረው ሳቁ አገሯ በሣጥን ነው፤ ፊልሙ ውስጥ ልመልሰው ወይ አለችኝ።
"ሌላው ጎንበስ ብሎ ሲለቅም እሱ ይስቃል። የማያውቀው ሰው ሰነፍ ይለዋል" አልኳት።
"ይበሉት፣ አዴ።"
ነገ ትሄዳለች። መልሱን አሁንም አላወቅሁትም። ሰነፍ ግን አልነበረም።