የመሪጌታው እርማት

መሐል ሜዳ፣ ጥር 14 ቀን 1973 ዓ.ም.

ዛሬ ጋሽ ተክሉ፣ እኔ ለመጽሔት ልዘግብ አብሬው ከመጣሁት የቴአትር ቡድን ጋር፣ በተወለደበት አገር መድረክ ላይ ወጣ። ሴት ተዋናይ በማይገኝበት ዘመን ቀሚስ ለብሶ፣ ኩርፊያ የማይለቃት ሙሽራ ሆኖ እየዘፈነ አዲስ አበባን በሳቅ ያፈረሰው ሰው፣ ዛሬ ከመጋረጃው ጀርባ ቆሞ ወደ አዳራሹ ደጋግሞ ሲያጮልቅ አየሁት። ለካ አባቱ መሪጌታ ወልደ ጻድቅ ከፊት ወንበር ተቀምጠዋል። ልጃቸው የቤተ ክህነቱን ትምህርት ትቶ "አዝማሪ" ከሆነ ወዲህ ስለ ሥራው አንዲት ቃል ተንፍሰው አያውቁም። ዛሬም የመጡት ቀበሌው ስብሰባ ነው ብሎ ስለጠራቸው ነው።

ጋሽ ተክሉ ያቺኑ የሙሽራዋን ዘፈን ጀመረ። አገር ያሳቀው የእግር አጣጣሉ ከማኅሌት ሽብሸባ የተወሰደ መሆኑን ዛሬ ገና ገባኝ፤ ሽማግሌው ሳይታወቃቸው በመቋሚያቸው ወለሉን እየመቱ ያጅቡት ጀመር። አጠገባቸው የተቀመጠው የቀበሌው ካድሬ ዞሮ አያቸው። እሳቸው እቴ፣ ከቁብም አልቆጠሩት።

ትርኢቱ ሲያልቅ ጋሽ ተክሉ ጉልበታቸውን ሊስም ጎንበስ አለ።

"ግራ እግርህ ያለጊዜው ይቀድማል" አሉት። "ማነው እንዲህ ያስተማረህ?"

"እርስዎ ነዎት፣ አባቴ።"

"እኔስ እንዲህ አላስተማርኩም። ነገ ጠዋት ቤት ና።"

የቡድኑ መሪ መኪናው ነገ በማለዳ ወደ ደብረ ብርሃን እንደሚነሳ፣ ማንንም እንደማይጠብቅ ነገረው። "ይሂዳ" አለ ጋሽ ተክሉ። ለመጽሔቱ ልጻፈው ብል፣ በመቋሚያቸው ዘፈን አጀቡ ብሎ ደብሩ መሪጌታን ምን ይላቸው ይሆን? እንጃ። ትቼው ስወጣ፣ ያ ስንት ጭብጨባ የጠገበ ሰው፣ ባዶው አዳራሽ ውስጥ ግራ እግሩን እያዘገየ ብቻውን ይለማመድ ነበር።